የወይዘሮ ወለተ ሐና ሦስተኛ ፈተና

ቢቸና የገባሁት በሰባ ሁለት ዓመተ ምሕረት ነው፤ ከሞጣ፣ አሥራ ሁለተኛ ክፍል በጨረስኩ ማግሥት፣ የመሠረተ ትምህርት ዘማች ሆኜ። ዕድሜዬ አሥራ ዘጠኝ ነበር፤ የማላውቀው ነገር ያለ አይመስለኝም ነበር። ቀበሌው ሠላሳ አንድ ጎልማሳ ሰጠኝ። ሠላሳው ሊማሩ መጡ። አንዷ ግን ገና በር ላይ ቆመው፣ «የኔታ፣ እኔ ንባብ አውቃለሁ፤ ይልቀቁኝና ጤፌን ላርም» አሉኝ።

ወይዘሮ ወለተ ሐና ይባላሉ። የመሪጌታ አካለ ወልድ ልጅ ናቸው፤ ባላቸው ከሞቱ ወዲህ ቤቱንም እርሻውንም የያዙት እሳቸው ናቸው። ከእናቴ የሚበልጡ ሴት የኔታ ሲሉኝ ልቤ አበጠ። ቢሆንም መመሪያ መመሪያ ነው፤ «እስቲ ያንብቡ» ብዬ መጽሐፉን ሰጠኋቸው። ተቀብለው ዘቅዝቀው ያዙት። ክፍሉ በሳቅ አውካካ። እኔም ሳቄን ውጬ መጽሐፉን አቃናሁላቸው። አንዲት ፊደል አልወጣቸውም።

ሒሳቡን ከሁሉ ቀድመው ይመልሱ ነበር። እጃቸውን ይዤ ሳስጽፋቸው ስማቸውን መጻፍም ለመዱ። ንባብ ላይ ስንደርስ ግን ያው ነው፤ ይዘቀዝቃሉ፣ አቃናለሁ፣ ዝም ይላሉ። ሰሌዳውን አንገታቸውን ጠምዘዝ አድርገው ሲያዩ ቁርጥማት መስሎኝ ነፋስ ከማይገባበት ጥግ አስቀመጥኳቸው። በመጀመሪያው ፈተና ወደቁ። በማካካሻውም ወደቁ። ሦስተኛውን ካላለፉ ደግሞ ዓመቱን ሙሉ ከሀ ጀምረው ሊደግሙ ነው። እሳቸው ክፍል ሲውሉ ጤፉን አረም ዋጠው። ገበያ ላይ ሰው «አዋቂዋ መጡ» እያለ ያሾፍባቸው ጀመር። አልዋሽም፣ እኔም አብሬ አሾፍኩ።

ለሦስተኛው ፈተና ጓድ መንግስቴ የሚባል ሰው ከአውራጃው መጣ። ሥነ ሥርዓት ወዳድ ነው። ጠረጴዛ አስመጥቶ ተቀመጠ፤ ተፈታኙ ሁሉ ከፊት ለፊቱ እንዲቆም አዘዘ። የወይዘሮ ወለተ ሐና ተራ ደረሰ። ጓድ መንግስቴ መዝገቤን ከፊቱ ዘርግቶ ገና መጽሐፉን ከቦርሳው ሲፈልግ፣ እሳቸው ከማዶ ጎንበስ አሉና መዝገቡን ማንበብ ጀመሩ። ዳዊት እንደሚደግም ሰው፣ ቃል ሳይስቱ።

«ተራ ቁጥር ዘጠኝ። ወለተ ሐና አካለ ወልድ። አውቃለሁ ባይ። ማንበብ አትችልም። ውሸታም።»

የጻፍኩት እኔ ነኝ። ጓድ መንግስቴ መዝገቡን አየ፤ ቀጥሎ እኔን አየ። እኔ መሬት መሬቱን አየሁ።

መጽሐፉን ወደ ራሱ እንዳዞረ መሐል ላይ ገለጠው። እሳቸውም ከማዶ ሆነው ገጹን ከላይ እስከ ታች ወረዱት። ሌላ ገለጠ፤ ያንንም ወረዱት። በየት በኩል እንደተማሩ ጠየቃቸው።

«አባቴ የነበራቸው አንድ ዳዊት ነው» አሉ። «የሚማረው ወንድሜ ኃይለ ጊዮርጊስ ነበር፤ መጽሐፉም ወደሱ የዞረ ነው። እኔ ከማዶ ጥጤን እየፈተልሁ ለቀምሁት።»

«ታዲያ ለምን አልነገሩኝም፣ እማማ?» አልኩ።

«አንድ ቀን እንኳ ሳያቃኑት ቢተዉልኝ ይሰሙት ነበር።»

ጓድ መንግስቴ ማለፋቸውን ነግሮ አሰናበታቸው። አልሄዱም። «የኔታ፣ ያን የጻፉትን ይሰርዙልኝ» አሉ።

እስክሪብቶ አውጥቼ ሰረዝኩት፤ ከጎኑም «ያነባሉ» ብዬ ጻፍኩ። በዕድሜዬ እንደዚያ አፍሬ አላውቅም። ወይዘሮ ወለተ ሐና ከጠረጴዛው ማዶ ቆመው ፊደል በፊደል ተከተሉኝ።

«ውሸታም የሚለው አሁንም ይነበባል» አሉኝ።

ደግሜ ሰረዝኩት።