አክስቴና የግድግዳው ቼዝ

አክስቴ አሥራ ስምንት ዓመት ሙሉ ቼዝ ስታንቀሳቅስ ኖራለች፤ አንድም ቀን ግን ከሰው ጋር ተጋጥማ አታውቅም። ነገሩ እንቆቅልሽ አይደለም፤ ሥራዋ ነበር። በቼዝ ክለቡ አዳራሽ፣ ከመድረኩ በስተጀርባ፣ በር የሚያህል ሰሌዳ ግድግዳው ላይ ተሰቅሏል። ተጫዋቾቹ ጠረጴዛቸው ላይ አንድ ጠጠር ባነሱ ቁጥር እሷም ጫፉ ላይ መንጠቆ ባለው ረጅም ዘንግ ያንኑ ጠጠር ከሚስማር ወደ ሚስማር ታዛውራለች። ተመልካቹ ጨዋታውን የሚያየው በእሷ እጅ ነው። የክለቡ ሰዎች "ግድግዳዋ" ይሏታል። እሷም "አቤት" ትላለች።

ወደ ክለቡ የሄደችው በሃያ ዓመቷ፣ በተጫዋችነት ልትመዘገብ ነበር። ያን ቀን የሰሌዳው ሠራተኛ ቀርቶ ኖሮ "ለዛሬ ብቻ ይህን ዘንግ ያዢልን" አሏት። ያዘች። በሳምንቱ እናቴ ሞተችና እኔ፣ ገና በዳዴ የምሄድ ሕፃን፣ እጇ ላይ ወደቅኩ። አባቴ የት እንዳለ የሚያውቀው አባቴ ብቻ ነው። ክለቡ ደግሞ "የአዳራሹ ሠራተኛ በውድድር አይመዘገብም" የሚል ደንብ ነበረው፤ ወይ ደመወዙ፣ ወይ ጨዋታው። የቱን እንደመረጠች ቁመቴን አይቶ መፍረድ ይቻላል።

ማታ ማታ ራት እየበላን የተጫዋቾችን ታሪክ ታወራልኛለች። ሌላው ሰው ዘመድ እንደሚቆጥር እሷ ማዕረግ ትቆጥራለች፤ እገሌ በስንት ዓመቱ ማስተር ሆነ፣ ማንን አሸንፎ፣ እገሌ ደግሞ እንዴት ፀጉሩ እስኪያልቅ እጩ ማስተር እንደሆነ ቀረ። ግራንድማስተር ስትል ድምጿን ዝቅ ታደርጋለች። አንድ ቀን "አክስቴ፣ አንቺስ ምንድን ነሽ?" አልኳት። "እኔማ ግድግዳ ነኝ" ብላ ሳቀች። ከዚያ ተነሥታ የታጠበ ሳህን እንደገና ስታጥብ አየኋት። ልጅ ብሆንም ሳህኑ ንጹሕ እንደነበር አውቃለሁ።

ሠላሳ ስምንት ዓመት ሲሆናት ያ ጉድ መጣ። ከተጫዋቾቹ መካከል ከሲታነቱ የተነሣ "ቀጭኑ" የሚሉት የሃያ ሁለት ዓመት ወጣት ነበር። በመጨረሻው ግጥሚያ ካሸነፈ ማስተር ይሆናል፤ አቻ ከወጣ ግን ምንም። ጨዋታው ተወሳሰበና ቀጭኑ ተራው ደርሶ ግንባሩን ይዞ ማሰብ ጀመረ። አሥር ደቂቃ፣ ሃያ ደቂቃ፣ አርባ ደቂቃ። አክስቴ ከግድግዳው ሥር ዘንጓን ይዛ አብራው ታስባለች። እሷ ግን መፍትሔውን ቀድማው አገኘች። ግንብ የሚሉት ጠጠር የተጋጣሚውን ንጉሥ ያጠረውን ወታደር በልቶ መሞት አለበት፤ ከዚያ በኋላ ንጉሡ ማምለጫ የለውም። ዘንጉ መቼ እንደተነሣ እንደማታውቅ ምላ ተናግራለች። አዳራሹ "ኧ!" ሲል ቀና ብትል ግንቡ ግድግዳው ላይ ሄዶ ወታደሩን በልቷል። ቀጭኑም ዞር ብሎ አየ።

ዳኛው ሰዓቱን አቆመ። ግንቡ ወደ ቦታው ተመለሰ፤ ግን ዓይን ያየውን ማን ይመልሰዋል? ቀጭኑ ለረጅም ጊዜ ተቀምጦ ሌላ ጠጠር አንቀሳቀሰ፤ ጨዋታውም በአቻ አለቀ። በማግስቱ ለጋዜጠኞች "ግንቡን እኔም አይቼው ነበር። ግድግዳ ላይ ከወጣ በኋላ ግን መጫወቱ ለኅሊናዬ ከበደኝ" አለ። ማዕረጉን ያጣው ሰው በሐቀኝነቱ ከማስተሮቹ በላይ ስም አገኘ። ማስተርነቱም ከሰባት ዓመት በኋላ መጣለት። አክስቴን ግን ከዘንጓ ነጥለው ዕቃ ክፍል አስገቧት፤ ጡረታ እስክትወጣ ድረስ የጨዋታ ሰዓት ስትሞላና ጆሮው የተሰበረ ፈረስ በሙጫ ስታጣብቅ ኖረች።

ሰዎች "የልጁን ማዕረግ ያበላሸችው ሴት" ሲሏት ሆድ ይፍጀው ብላ ዝም አለች። ለእኔ ብቻ፣ እሱንም አንድ ጊዜ፣ እንዲህ አለችኝ፦ "ቀጭኑ ግንቡን አላየውም ነበር። ዓይኑ የነበረው በሰሌዳው ሌላ ወገን ነው። እኔ ነኝ ያየሁት።" የምትፈልገው ይቅርታ አልነበረም። ከዚያ አዳራሽ አንድ ሰው እንኳ፣ አንድ ቀን፣ "አንቺ ተጫዋች ነሽ" እንዲላት ትናፍቅ ነበር። እኔ ሺህ ጊዜ ብያታለሁ። የእኔ አይቆጠርም፤ ፈረስ እንዴት እንደሚሄድ እስካሁን ይምታታብኛል።

ባለፈው እሑድ ከሰዓት በራችን ተንኳኳ። ስከፍት ቦርጩ ከእሱ ቀድሞ የገባ አንድ ጎልማሳ ሰሌዳ በብብቱ ይዞ ቆሟል።

"እትዬ፣ ያስታውሱኛል?"

አክስቴ ከእግር እስከ ራሱ አየችው። "ቀጭኑን ማን ይረሳል? ግባ፣ በሩ ከበቃህ።"

ሳቀና ተቀመጠ። ያፈላሁት ሻይ እስኪቀዘቅዝ አልነካውም። "ለተማሪዎቼ መጽሐፍ እየጻፍኩ ነው" አለ በመጨረሻ። "ያ ጨዋታ ላይ ስደርስ ሁለት ሳምንት ሙሉ እጄ አልታዘዝ አለኝ። ግንቡን እኔ አላየሁትም ነበር፣ እትዬ። ያዩት እርስዎ ነዎት። እንደዚያ ብዬ ጻፍኩት።"

"አውቃለሁ።"

"ታዲያ ለምን ዝም አሉ?"

"ማን ሊሰማኝ? አንተ ተጫዋች፣ እኔ ግድግዳ።"

የጻፈበትን ወረቀት ከኪሱ አውጥቶ ሰጣት። መነጽሯን አድርጋ ሁለት ጊዜ አነበበችው። እኔ ታለቅሳለች ብዬ ስጠብቅ አጣጥፋ ጉልበቷ ላይ አኖረችውና "ሰሌዳውንስ ለምን ይዘህ መጣህ?" አለችው።

"አንድ ጨዋታ አብረውኝ እንዲጫወቱ።"

ስትቀመጥ ወንበሩን ሦስት ጊዜ አስተካከለች። ነጩ ጠጠር ደረሳት። የንጉሧን ወታደር ሁለት ቤት ገፋች፤ ወዲያው ያው እጇ፣ ግድግዳው ላይ እንደለመደው፣ ሰሌዳውን ተሻግሮ የእሱን ወታደር ገፋ፤ ተመልሶ የራሷን ፈረስ አወጣ፤ የእሱን ፈረስ እንዳነሣ አየር ላይ ቀረ። ጥቁሩን ፈረስ በእጇ ይዛ አየችው፤ ከዚያ እሱን አየችው። ቀጭኑ ሰሌዳውን አልነካም።

"ለካ ከሰው ጋር መጫወት አላውቅም" አለች። ዓይኗ እንባ አቀረረ። ያ ሁሉ ዓመት ያለቀው ለእኔ ጫማ ነበር።

"እኔም ላንቀሳቅስ ያሰብኩት ያንኑ ፈረስ ነበር" አለ ቀጭኑ ቀስ ብሎ።

"አትዋሽልኝ። አንዴ የዋሸኸው ይበቃል።"

ጠጠሮቹን አንድ በአንድ ወደ ቦታቸው መለሰች። ወታደሯን እንደገና ሁለት ቤት ገፋች። ከዚያ ሁለቱንም እጆቿን ጭኖቿ ሥር ሸጉጣ ተቀመጠችባቸውና እሱ እስኪጫወት ጠበቀች።