የከንቲባው ሚስት ቅስቀሳ

የሺመቤት ባሏን ትወደው ነበር፤ አዲስ አበባን ግን አትወድም። አንድ ክረምት ለእህቷ ልጅ ሠርግ ሄዳ፣ ጭቃው ጫማዋን ሲውጠው፣ ብርዱ ጉልበቷን ሲቆረጥመው ሰንብታ ተመለሰች። ድሬዳዋ ጣቢያ ስትወርድ ወላፈኑ ፊቷን ሲገርፋት፣ "እሰይ፣ አገሬ ገባሁ!" ብላ መሬቱን ልትስም ምንም አልቀራት። ከዚራ ሰፈር ካለው ቤቷ ደጃፍ፣ ከኒሙ ዛፍ ሥር አመሻሽ ላይ ወንበር አውጥታ፣ ካለፈ ካገደመው ጋር በኦሮምኛውም በሶማልኛውም መቀላለድ፦ ለእሷ ከዚህ የሚበልጥ ሹመት የለም።

ባሏ ኃይለጊዮርጊስ ግን ሹመት አይጠግብም። ከባቡር ጣቢያ ጸሐፊነት ተነሥቶ፣ ትልቅ ሰው በመጣ ቁጥር የአቀባበል ንግግር እያሰማ፣ ከንቲባ እስከ መሆን ደረሰ። ድምፁ ያምራል፣ ቁመናው ዓይን ይሞላል፣ ሪባን ሲቆርጥ መቀሱን እንደ ጎራዴ ነው የሚያነሣው። ከሪባኑ በኋላ ስለሚመጣው ነገር ግን ብዙም አይጨነቅም። እናም የመጀመሪያው የፓርላማ ምርጫ ሲታወጅ፣ ከቢሮው እየሮጠ መጣ ማለት ይቻላል።

"የሺ፣ ዕቃሽን ሰብስቢ! ዛሬ ፓርላማ፣ ነገ ሚኒስትር!"

"ቢመርጡህ አይደል?"

"እኔን ትተው ማንን ሊመርጡ? ተፎካካሪዬ ሃሺ ቡራሌ ነው። ለሰላምታ እንኳ አፉን ሲከፍት ላብ የሚያጠምቀው ባለ ጭነት መኪና! ደግሞ ምልክቱ ምን እንደ ደረሰው ታውቂያለሽ? ግመል! የኔ ፋኖስ ነው፤ ብርሃን!"

ፊደል ላልቆጠረ መራጭ ሲባል ለየተወዳዳሪው ሥዕል ይታደል ነበር። የሺመቤት ፋኖሱን አየችው። የታያት ግን የአዲስ አበባ ጭቃ ነው።

ባሏን በሰው ፊት ማማት አይሆንላትም፤ ወደ ላይ ቢተፉ ተመልሶ ካፉ ነው። ስለዚህ ልታመሰግነው ወሰነች። በማግስቱ ነጠላዋን ጣል አድርጋ፣ የደቻቱን ወንዝ አሸዋ ተሻግራ፣ ቀፊራ ገበያ ጨርቅ ከምትሸጠው ወዳጇ ከቃሊ ዘንድ ሄደች።

"አባዮ፣ እህቴ ቃሊ፣ የኛ ከንቲባ እንዴት ያለ ሰው ነው?"

"እውነቱን ልንገርሽ ወይስ እንደ ወዳጅ?" አለች ቃሊ፣ ጨርቋን እየለካች።

"አታውቁትም እኮ! ለመጋላ ሰፈር የውሃ ቦኖ ሳላስገባማ አልሞትም እያለ እንቅልፍ አጣ።" እንቅልፍ አጣ የተባለው ሰውዬ ማንኮራፋቱ ጎረቤት የሚቀሰቅስ ነበር። "ምን ዋጋ አለው ታዲያ፣ ከተመረጠ አዲስ አበባ መቅረቱ ነው። ቦኖውም በዚያው ቀረ።"

ቃሊ ሜትሯን አስቀመጠች። "ዋላሂ? ከመረጥነው ይሄዳል?"

"ይሄዳል።"

"ካልመረጥነውስ?"

"የት ይሄዳል፣ ከናንተው ጋር።"

ቃሊ ዓይን ዓይኗን አየቻትና በሻሿ አፏን ይዛ ሳቀች። "አቦ! አንቺስ ሰይጣን ነሽ።"

ከዚያ ወዲያ ወሬውን ከቤት ቤት የሚያዛምተውን የከተማውን ሴት የሚያቆመው ጠፋ። የሺመቤትም ለጋሪ ነጂዎቹ ባሏ ሊያስተካክልላቸው ስላሰበው መንገድ፣ ለባቡር ሠራተኞች ሚስቶች ሊያስከፍትላቸው ስላቀደው ክሊኒክ እያወራች ዞረች። ሁሉም በመጨረሻ ያቺኑ ይጠይቃታል፦ "ከተመረጡ ይሄዳሉ ማለት ነው?" እሷም አንገቷን ደፍታ፣ "ምን እናድርግ፣ ይሄዳሉ" ትላለች።

"ሰማሽ ወይ?" አለ ባሏ አንድ ምሳ ሰዓት ላይ ደረቱን ነፍቶ። "ከተማው በስሜ ይምላል!"

"ሰምቻለሁ" አለች የሺመቤት ወጡን እየጨመረችለት።

የምርጫው ዕለት፣ ተራዋ ደርሶ ብቻዋን ስትቀር፣ ፋኖሱንና ግመሉን ተራ በተራ አየች። ጠዋት ከረባቱን ስታስርለት እንደ ሙሽራ ፈገግ ብሎላት ነበር። አዘነችለት። አዘነችለትና ግመሉን መረጠች።

ሃሺ ቡራሌ በሰፊው አሸነፈ። ኃይለጊዮርጊስ ባርኔጣውን በእጁ ይዞ መጣና ኒሙ ሥር ተቀመጠ። ያ ሁሉ ቁመና የት እንደ ገባ እንጃ። የሺመቤት ውሃ ልታመጣለት ስትነሣ፣ ከደቻቱ ወዲያ ከበሮ ተሰማ። የመጋላ ሴቶች በእልልታ፣ ጋሪ ነጂዎቹ ቃጭላቸውን እያንቃጨሉ ወደ ቤቷ ይመጣሉ።

"ሊሳለቁብኝ ነው፤ በሩን ዝጊ!" አለ ከንቲባው።

ከመዝጋቷ በፊት ግን ፋርሒያ የሚባሉ አሮጊት ከፊት ቀድመው ደረሱ። "እንኳን ደስ ያለን! አስቀረንዎ!" አሉ። "አዲስ አበባ የራሷን ሰው ትፈልግ፣ እርስዎ የኛ ነዎት። በሉ እንግዲህ፣ ቦኖው መቼ ነው?"

"የምን ቦኖ?" አለ ወደ ሚስቱ ዞሮ በሹክሹክታ።

"አንተ ያሰብከው ነዋ! ተናገር እንጂ፣ ሰው ቆሟል።"

ኃይለጊዮርጊስ ሕዝብ ተሰብስቦ ሲያይ ዝም ማለት የማይችል ሰው ነው። ባርኔጣውን አጠለቀ፣ ጉሮሮውን ጠረገና ቦኖውንም መንገዱንም ክሊኒኩንም ቃል ገባ። እንደ ወትሮው አጨብጭበው የሚረሱለት መስሎት ነበር። ፋርሒያ ግን በማግስቱ ጠዋት በር ላይ ነበሩ። በሚቀጥለውም ቀን ነበሩ። ሰውዬው መጀመሪያ ከአሮጊቷ ለመገላገል፣ ኋላ ግን "ሕዝቤ ወዶኝ አስቀረኝ" እያለ ከልቡ ሥራ ጀመረ። ቦኖው ፈሰሰ፣ መንገዱ ተስተካከለ፣ ክሊኒኩ ተከፈተ። የሺመቤት ጥላዋን ተቀማች፤ ኒሙ ሥር ባለጉዳይ ሞላና ለራሷ መቀመጫ እየለመነች መኖር ሆነ።

ነገሩ በዚህ ቢያበቃ ጥሩ ነበር። የከንቲባው ሥራ ዝና ግን እየዋለ እያደረ ሽቅብ ተሰማና፣ ኃይለጊዮርጊስ ያለ ምንም ምርጫ ለከፍተኛ ሥልጣን ታጭቶ ወደ አዲስ አበባ ተጠራ። ሹመት ደግሞ ገበያ ለገበያ ዞረው አያስቀሩትም።

ባቡር ሲሳፈሩ ፊት ለፊታቸው የተቀመጠው ሃሺ ቡራሌ ሆነ፤ ወደ ፓርላማው ስብሰባ እየሄደ ነው። ላቡን ጠራርጎ፣

"ወይዘሮ የሺመቤት፣ ውለታዎን አልረሳም" አለ ከልቡ። "እኔ አፌን ሳልከፍት የመጋላን ሰው ድምፅ ያስገኙልኝ እርስዎ ነዎት። ቃሊ ሁሉንም አጫውታኛለች።"

ኃይለጊዮርጊስ ጋዜጣውን ቀስ ብሎ ከፊቱ አወረደ።

"ሐልዋ ትቀምሳላችሁ?" አለች የሺመቤት። 

አዋሽ ላይ ሃሺ ሻይ ሊጠጣ ሲወርድ ባልየው ጋዜጣውን አጠፈ።

"እውነት ነው?"

"እውነት ነው።"

"ቦኖውን፣ መንገዱን፣ ክሊኒኩን ያሰብሽው አንቺ ነሻ!"

"የሠራኸው ግን አንተ ነህ።"

ባልየው ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ። ከዚያ ትከሻው መንቀጥቀጥ ጀመረ፤ የሺመቤት አለቀሰ ብላ ደነገጠች። እየሳቀ ነበር።

"በይ እንግዲህ" አለ ዓይኑን በመሐረብ እየጠረገ፣ "በአዲሱ መሥሪያ ቤት ምን ምን ልሠራ እንዳቀድኩ ከወዲሁ ንገሪኝ፤ ከሰው አፍ ከምሰማው።"