የዲያቆን ዬሮፌይ አንዲት ትንፋሽ

ባሌ ዲያቆን ዬሮፌይ ለዲቁና የበቃው በድምፁ እንጂ በጭንቅላቱ አልነበረም፤ እኔ ሚስቱ ብናገረው ነውር የለውም። መጽሐፍ ሲገልጥ ላብ ያጠምቀው ነበር። «ረጅም ዕድሜ ይስጥልን» ብሎ ድምፁን ሲለቀው ግን የቤተ ክርስቲያናችን መስኮት ይንዘረዘራል። ከሞሎጋ ወንዝ ማዶ ያሉ ሰዎች ሳይቀሩ በበረዶው ላይ ተሻግረው ሊሰሙት ይመጡ ነበር።

ዐሥር ዓመት ሙሉ እሑድ እሑድ በዚሁ ጸሎት የእቴጌ አናን ስም ጠራ። እሷ ስትሞት የሁለት ወር ሕፃን ነገሠ አሉን፤ ስሙም ኢቫን። በዚያው ሰሞን ዓመት ያልሞላው ልጃችንን ቀብረን ነበርና፣ ዬሮፌይ ለሕፃኑ ንጉሥ ሲጸልይ ያ ግዙፍ ድምፁ ይለሰልስ ነበር። አንድ ዓመት እንዲህ አለፈ። ከዚያ በክረምት መልእክተኛ መጣ። ሕፃኑ ከዙፋን ወርዷል፣ እቴጌ ኤልሳቤጥ ነግሣለች፣ የልጁን ስም ማንም እንዳይጠራ አለ። ቄሳችን አባ ፓምፊል ስሙ ያለበትን ገጽ ከመጽሐፉ በቢላ ቆርጠው ለመልእክተኛው ሰጡት።

ያን ሳምንት እኔ ሊጥ ሳቦካ ዬሮፌይ ምድጃው አጠገብ ቆሞ ይለማመድ ነበር።

«ስሚኝማ። ኤልሳቤጥ፣ ኤልሳቤጥ፣ ኤልሳቤጥ።»

«እኔን ምን ታሰማኛለህ? ምላስህን አሰማው» አልኩት።

«ምላሴማ እንደ ሽማግሌ ፈረስ ነው፤ ልጓሙን ለቀቅ ካደረግሽው ወደ ድሮው በረት ይሄዳል።»

ሳቅኩበት። ያ ሳቅ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

እሑድ ሰማንያ ሰው ያህል ቆመናል። ዬሮፌይ ከስሙ ደረሰ፣ ደረቱን ነፋ፣ መስኮቱን ሁሉ እያንዘረዘረ «ኢቫን» አለ።

አባ ፓምፊል እጃቸውን እንደ ዘረጉ ቀሩ። ዬሮፌይ ወዲያው «ኤልሳቤጥ» ብሎ ቀጠለ፤ ግን ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው። እኔ ዓምዱን ያዝኩ።

በእኛ አገር አንድ ሰው አደባባይ ወጥቶ «ቃልና ድርጊት አለኝ»፣ ማለትም በዙፋኑ ላይ የተሠራ ወንጀል አውቃለሁ፣ ብሎ ከጮኸ፣ እሱም የከሰሰውም ሰው ታስረው ወደ መርማሪዎች ይወሰዳሉ። ሰምቶ ዝም ያለም ከጥፋተኛው እኩል ይገረፋል። የሚተርፈው ቀድሞ የተናገረ ነው። ስለዚህ ያን ቀን ሰማንያ ሰው መሬት መሬቱን እያየ ወጣ። «እንዴት ዋላችሁ» ያለን አንድም አልነበረም። ዬሮፌይ ቤት ገብቶ የጎመን ሾርባውን ሳይነካ ተቀመጠ፤ ውጭ ውሻ በጮኸ ቁጥር ሁለታችንም እንነሳለን።

ማክሰኞ ጠዋት ወፍጮ ቤት ያለው ኮንድራት ፈረሱን በበረዶ ላይ በሚንሸራተተው ጋሪው ሲጠምድ በመስኮት አየሁት። መርማሪዎቹ ወዳሉበት ከተማ የሚወስደው መንገድ በዚያ ነው። ነጠላ ጫማ እንዳደረግኩ ሮጥኩ።

«ጋሼ ኮንድራት፣ ወዴት ነህ?»

«ጨው ልገዛ።»

«ባለፈው አንድ ጆንያ አምጥተህ የለም እንዴ?»

ልጓሙ ከእጁ ወደቀ።

«እመት ፔላጌያ፣ አታድክሚኝ። እህቴ ቤት ልደበቅ ነው። አንቺ ቀድመሽ ባልሽን ከጠቆምሽ እኔ ሰምቶ ዝም ያለ ነኝ። ይህ ጀርባዬ ደግሞ ጅራፍ አይችልም።»

«እኔ? የገዛ ባሌን?»

«ሕጉ ሚስት ትቅር አይልም። የሰማ ነው የሚለው።»

ለካስ እኔም ሰሚ ነኝ። ሁለት ቀን ሙሉ እኔ መንደሩን ስፈራ መንደሩ እኔን ሲፈራ ነበር።

«ፍታው ፈረሱን» አልኩት። «አንተ ዛሬ ከጠፋህ ሁሉም ‹ሊናገር ሄደ› ይላል። ያኔ የሚቀድምህ አታጣም።»

አሰበ፣ አሰበና ፈታው።

ከዚያ ቤት ለቤት ዞርኩ። ሰበቤ ወንፊት መዋስ ነበር፤ ግድግዳዬ ላይ ሁለት ወንፊት ተሰቅሏል። ግን ፊቴን ይዩት፣ ቤቴ እንዳለሁ ይወቁ ብዬ ነው። በር የከፈተልኝ ሁሉ መጀመሪያ ይደነግጣል፣ ቀጥሎ ወደ ኋላዬ ያያል።

«ደህና ነሽ?» ይላል።

«ደህና ነኝ። የትም አልሄድም።»

«እኛም የትም አንሄድ።»

ስሙን ያነሳ አልነበረም። ማታ ሰባት ወንፊት ይዤ ተመለስኩ።

ማንም አልመጣም። የዬሮፌይ ድምፅ ግን ዳግመኛ መስኮት አላንዘረዘረም። ከስሙ ሲደርስ ለአንድ ትንፋሽ ያህል ቆም ይላል፤ ከዚያ «ኤልሳቤጥ» ይላል። ሃያ ዓመት ሙሉ እሑድ እሑድ በዚያች ትንፋሽ ሰማንያ ሰው አብሮት ትንፋሹን ሲይዝ፣ እኔ ዓምዱን አቅፌ ስሞትና ስነሳ ኖርኩ።

ኤልሳቤጥ ሞተች። ቀጥሎ የነገሠው ስድስት ወር እንኳ አልቆየም፤ ሚስቱ ካትሪን ዙፋኑን ወሰደች። በዚያ ክረምት ዬሮፌይ አልጋ ላይ ወደቀ። አንድ ቀን እኩለ ቀን ላይ ጠራኝ።

«ከስሙ በፊት ቆም የምለው ፈርቼ ይመስልሻል?»

«ታዲያ ምን ሆነህ ነው?»

«የመጀመሪያውን እሑድ ጮክ ብዬ የጠራሁት ተሳስቼ ነው። ከዚያ ወዲህ ግን በዚያች ትንፋሽ ልጁን እጠራዋለሁ፤ በሆዴ። የት እንደ ጣሉት አይታወቅም። በዚህ ሁሉ አገር ስሙን የሚጠራለት አንድ ዲያቆን የለውም። ሕፃን ነው እኮ።»

ዘልዬ በሩን ቀረቀርኩ።

«ምን ሕፃን! በሕይወት ካለ ሃያ ሁለት ዓመቱ ነው። እኔ በፍርሃት ሳልቅ አንተ በቤተ መቅደስ...»

«ለእኔ እንደ ልጃችን ነው፤ አላደገም» አለ። «አንቺ ካልሰማሽ አትጠየቂም ብዬ ነው የደበቅኩሽ።»

«አሁን ሰማሁ እኮ፣ አንተ ሰው!»

«አሁንማ እኔ ልሄድ ነው። ልጁ ሰው ያስፈልገዋል።»

በዐቢይ ጾም ሞተ። አዲሱ ዲያቆን ድምፁ ትንኝ ያህል ነው፤ ከስሙ ሲደርስም ቆም አይልም፣ ይሮጣል። ቆም የምለው እኔ ነኝ። ከንፈሬን ገጥሜ፣ ዓምዱን ይዤ ያን ስም እጠራለሁ።

እኔም አርጅቻለሁ። በሩን ሁለት ጊዜ አይቼዋለሁ፣ ተቀርቅሯል። እንግዲህ እናንተም ሰምታችኋል።