ለአሜሪካዊቷ የወረደ ሙሾ

አባይነሽ አልቃሽ ናት። በደሴና በዙሪያው ሰው ሲሞት ተጠርታ ሙሾ የምታወርድ፣ ድንጋይ የምታስለቅስ ሴት። ጣሊያን ከገባ ወዲህ ግን ጉድ መጣ፤ የሚሞተው በዛ፣ የሚለቀስለት አነሰ። የአርበኛ ቤተሰብ ድምፁን አውጥቶ ካለቀሰ ይታሰራላ! የሰኞ ገበያ ሰፈር ጎረቤቷ የኔነሽ፣ አርበኛ ልጇ ደምመላሽ ከኮምቦልቻ ማዶ ተገድሎ አስከሬኑ እንኳ ሳይመጣላት ክረምቱን በሙሉ እንባዋን ውጣ ከረመች። አባይነሽን የሚያንገበግባት ይኸው ነበር፤ ያን ሁሉ ባዳ አልቅሳ ቀብራ ለጎረቤቷ ልጅ አንዲት ስንኝ አልደረሰችለትም።

በዚያ መሃል ለአገሬው ሰው ሲኒማ ተከፈተ። አባይነሽ መቼም ሳታይ የምታልፈው ነገር የለም፤ ገባች። ድምፅ የሌለው ያሜሪካ ፊልም ነው። ሰው ሁሉ ዋናዋን ቆንጆ ሲያይ የእሷ ዓይን ያረፈው ከኋላ ትሪ ይዛ በቆመች ቀጭን ሴትዮ ላይ ነው። በሌላ ሳምንት ያችው ሴትዮ አስታማሚ ሆና መጣች፤ በሌላው ሚዜ። አንዴ ሸብታ፣ አንዴ ኮረዳ ሆና። የማን ልጅ ናት? ባል አላት? ምነው ከፊት አያቆሟትም? አባይነሽ እንቅልፍ አጣች። ማሽኑን የሚያዞረውን በሺርን ብትጠይቀው፣ ፊልሞቹ ያረጁ እንደሆኑ፣ ባንድ ካሚዮን ተቀላቅለው እንደሚመጡ፣ የቱ እንደሚቀድም እሱም እንደማያውቅ ነገራት። ስሟስ?

“ወላሂ እትዬ አባይነሽ፣ የዋናዎቹን እንጂ የእሷን ጽፈውት አላየሁም።”

አንድ እሑድ ሴትዮዋ ፊልሙ ውስጥ ሞተች። ቤተኛው ሁሉ ሠርግ ሄዶ፣ ብቻዋን፣ አልጋ ላይ። አባይነሽ አልቻለችም። ነጠላዋን አሸርጣ ተነሳች፤ ደረቷን እየደቃች ሙሾ አወረደች። በሳምንቱ ሴትዮዋ ትሪዋን ይዛ ብቅ አትልም! አዳራሹ በሳቅ አውካካ። በረኛው ጣሊያን እብዷ እያለ ይጠራት ጀመር። ያገሬው ሰው ደግሞ በቁሙ ላለ ሰው ያለቀሰች ሟርተኛ ናት ብሎ ለለቅሶ መጥራቱን ተወ። አባይነሽ አፈረች፤ ተናደደችም።

ጥር ላይ በሺር ያ የሞተችበት ፊልም ተመልሶ እንደመጣ ሊያሾፍባት ነገራት። እሷ ግን በቀጥታ የኔነሽ ቤት ገባች።

“እሑድ ሲኒማ እንሄዳለን” አለቻት። “ዘመዶችሽንም ጥሪ።”

የኔነሽ ነገሩ ገባት። ከቦሩ ሜዳ ሳይቀር ዘመድ ተጠራ።

ሴትዮዋ ስትሞት አባይነሽ ተነሳች። በረኛው እብዷን ኑ እዩ ብሎ ጓደኞቹን ጠራ። የደምመላሽን ስም አላነሳችም፤ ካገር ርቃ፣ ገናዥ አጥታ፣ እናቷ መንገድ መንገድ እያየች ስለቀረች ልጅ ነው ያለቀሰችው። የኔነሽ እስከዚያ ቀን አፍና የያዘችውን ለቀቀችው። ዘመዶቿ ተቀበሏት። አዳራሹ የለቅሶ ቤት ሆነ፤ ጣሊያኖቹ ከበሩ ላይ ሆዳቸውን ይዘው ይስቃሉ።

ሲወጡ የኔነሽ ፊቷ አብጧል፣ ድምፅዋ ተዘግቷል። ቁልቁለቱ ላይ ስትደርስ ቆም አለች።

“አባይዬ፣ ያቺ ሴትዮ የእውነቷን ስትሞትስ ማን ያለቅስላት ይሆን?”

አባይነሽ ስለ ሴትዮዋ ይህን ያህል ስትጠይቅ ይቺን አልጠየቀችም ነበር። መንገድ ዳር ቁጭ አሉና ሁለቱ ብቻቸውን እንደገና አለቀሱ። ያሁኑ የሴትዮዋ ነበር።