ማዕበል የሚባል ተሳፋሪ

አስጎብኚ ነኝ። ጣና ፊቱን ባጠቆረበት አንድ ጧት፣ ከስፔን ሰሜን፣ ከባስክ አገር የመጣ እንግዳ ይዤ ወደ ዘጌ በምትሄድ ጀልባ ተሳፈርሁ። ስሙ ኤካይትስ ነው። ከፊታችን የተቀመጡ ሽማግሌ ትርጉሙን ቢጠይቁኝ ምንም ሳልጠረጥር፣ «ማዕበል ማለት ነው» አልኋቸው።

ሰውየው ብድግ አሉ። «ዮናስን የጫነች መርከብ ምን እንዳገኛት አልሰማህም? ወይ እሱ ይውረድ፣ ወይ እኔ!»

ተሳፋሪው አጉረመረመ፤ ጀልባ ነጂውም ሞተሩን አጠፋ። እንግዳዬ «ምን አሉ?» እያለ ሲነዘንዘኝ ጊዜ ነገርሁት።

ቅርም አላለው። «አያቴ በቋንቋችን ስም ማውጣት ተከልክሎ በባዕድ ስም እንደተጠራ ሞተ። ክልከላው ሲነሳ አባቴ ማንም ዝም የማያሰኘውን ስም አወጣልኝ» አለ።

ለሽማግሌው ተረጎምሁላቸው።

«የእርስዎን ስም ማን ልበለው?» አልሁ።

ወደ ሐይቁ ዞሩ። ጀልባ ነጂው ግን ሳቁ አመለጠውና፣ «አያ መብረቁ ናቸው!» ብሎ ጮኸ። ጀልባዋ በሳቅ ተናወጠች።

ሽማግሌው ጋቢያቸውን ሰብሰብ አድርገው ፈቀቅ አሉ።

«በል ና በለው፣ አጠገቤ ይቀመጥ። መብረቅና ማዕበል መቼ ተለያይተው ያውቃሉ!»