አብዲን የጠራው ሰው

ዛሬ ጠዋት ጫማ ሰፊው ደጃፍ ተቀምጬ፣ ሰውየው የደረቀውን ጫማዬን በሞራ ሲያሽልኝ፣ ያ ፀሐይ የመታው የስብ ሽታ ወደ ደርግ ጊዜ ይዞኝ ሄደ። የቡድናችን ኳስ እንዲሁ ነበር የሚሸተው። ያለን አንድ የቆዳ ኳስ ነበር። ቅዳሜ ከሰዓት እኔና አብዲ ከሥጋ ቤት ለምነን ባመጣነው ሞራ እያሸን እንደ ሕፃን እናስተኛታለን፤ እሁድ ደግሞ ውሃ በሌለው የደቻቱ ወንዝ አሸዋ ላይ ስንረግጣት እንውላለን።

እኔ በረኛ ነበርኩ፣ በረኛ ከተባልኩ። አብዲ ከፊቴ ተከላካይ ነው። ኳስ እኔ ዘንድ የምትደርሰው እሱ ሲፈቅድላት ብቻ ነበር፤ ሰው ግን ጎል ባልገባብን ቁጥር እኔን ተሸክሞ ይጨፍራል፣ አብዲም አብሮ ይጨፍራል። ግቢያችን አንድ ነው፤ የእናቱን ሳምቡሳ እኔ፣ የእናቴን ድፎ እሱ እየበላ ነው ያደግነው።

አንድ ሰኞ፣ አብዲ ዘመድ ሞቶበት ሽንሌ እንደሄደ፣ ከአዲስ አበባ የመጣ አሰልጣኝ ላቡን እየጠረገ ግቢያችን ገባ። አብዲን እሁድ ሲጫወት አይቶ እንደወደደው፣ ቡድናቸው ከገባ ሥራም ማደሪያም እንደሚሰጡት ነገረኝና፣ «ከቀበሌው የጉዞ መሸኛ አውጥቶ ሐሙስ ጠዋት ባቡር ጣቢያ ይምጣ፤ እጠብቀዋለሁ» አለኝ። እነግረዋለሁ አልኩ። የሚጠጣ ውሃም ሰጠሁት።

ማክሰኞ አብዲ ተመለሰ። ማን ጠየቀኝ ሲለኝ ማንም አልኩት። ሐሙስ ባቡሩ ሲጮህ ከጎኔ ቁጭ ብሎ የኳሷን ማሰሪያ ያጠብቅ ነበር። ምቀኝነት ነው እንዳልል እወደው ነበር። ፈርቼ ነው። እሱ ከሄደ በረኛ አለመሆኔን አገር ያውቃል።

እኔ ሁለት ዓመት ሳይሞላ ጉልበቴን ታምሜ ኳስ ተውኩ። እሱ ቀን ጆንያ ሲጭን እየዋለ፣ ፀጉሩ እስኪሸብት ያንኑ ማሊያ እየጣፈ ለበሰ። ባለፈው ወር የሰፈሩ ወጣቶች ቀበሌ አዳራሽ ሰብስበውን፣ ቡድኑን ሳይከዳ የኖረ ብለው ሲያጨበጭቡለት፣ ማይኩን ተቀብሎ፣ «አቦ ምን ታማኝ ትሉኛላችሁ፣ የጠራኝ ጠፍቶ እንጂ ወላሂ በሩጫ ነበር የምሄደው» አለ። አዳራሹ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ፤ አጨበጨብኩም።

የቀረበት ምን እንደሆነ አላውቅም። ምናልባት ስሙ በራዲዮ ይጠራ ነበር፣ ምናልባት በዓመቱ እግሩ ተሰብሮ ይመለስ ነበር። መሄዱም መቅረቱም ግን የእሱ ነበር፤ እኔ ነኝ የወሰድኩበት።

ሞራ የጠጣውን ጫማዬን አድርጌ ስመለስ፣ አብዲ እንደ ልማዱ ሰፈራችን ካለው የኒም ዛፍ ሥር ቦታ ይዞልኝ አገኘሁት። ዛሬስ እነግረዋለሁ ብዬ ነበር አጠገቡ የተቀመጥኩት። ፊቴን አየት አደረገና፣

«ምን ሆነህ ነው አቦ፣ ሰው ሞተ እንዴ?» አለኝ።

«ሙቀቱ ነው» አልኩት።

ተነስቶ ጥላውን ለቀቀልኝና፣ እሱ ከፊቴ ፀሐዩ ላይ ተቀመጠ።