አባቴ የነቀለው ፍላሽ

ስትሮክ የአባቴን ቀኝ እጅ ከያዘው ወዲህ ሐኪሙ እንዲጨብጠው የሰጠውን የጎማ ኳስ አንድ ቀን በመስኮት ወረወረው። ዕድሜውን ሙሉ ከባድ መኪና የነዳ ሰው ኳስ ጨምቅ ሲባል ይናደዳል። እጁን ያንቀሳቀሰው ወንድሜ ጥሎት የሄደው የጌም ማሽን ነው። የመኪና ውድድር ከፍቼ ጆይስቲኩን አስያዝኩት። ሌሎቹ ሲበሩ እሱ ፍሬቻ ሳያሳይ የታጠፈውን ሁሉ ይሰድባል። ከወራት በኋላ ጣቶቹ መታጠፍ ጀመሩ። ስምንተኛው ውድድር ላይ ሲደርስ ግን ጌሙ መሃል ላይ እየቆመ ያስቸግር ጀመር።

ፒያሳ ያለው ጠጋኝ አየውና፣ "እህቴ፣ ሃርድ ዲስኩ አልቆለታል። ሳልቀይረው በፊት ጌሙ የደረሰበትን ፍላሽ ላይ ገልብጪ። ፍላሹን መጀመሪያ ፎርማት አድርገሽ ያለበትን ሁሉ አጥፊ፣ አለዚያ ማሽኑ አይቀበለውም" አለኝ።

ቤታችን ያለው ፍላሽ አንድ ነው፤ ቴሌቪዥኑ ጀርባ ተሰክቶ ይኖራል። እናቴ ከማረፏ በፊት ቤተ ክርስቲያን ቆማ በሲዳሙ አፎ ቋንቋ የዘመረችው መዝሙር ያለው እሱ ላይ ነው። አባቴ እሁድ ከአምልኮ ሲመለስ ያንን ሳይሰማ ምሳ አይቀምስም። ስለዚህ ፍላሹን ቢሮ ወስጄ መዝሙሩን ኮምፒውተሬ ላይ ገለበጥኩት። ስሙን ስክሪኑ ላይ አየሁና በቃኝ። ከፍቼ አልሰማሁትም፤ ሥራ ቦታ ማልቀስ አልፈለግሁም።

ቤት ገብቼ ፍላሹን ፎርማት አደረግሁና የአባቴን ውድድሮች ገለበጥኩበት። ዲስኩ ተቀየረ፣ ጌሙም ካቆመበት ቀጠለ። እንዴት እንደኮራሁ!

በማግስቱ መዝሙሩን ልመልስ ቢሮ ስከፍተው አልከፈት አለ። ለካ ፍላሹ ቫይረስ ነበረበት። መዝሙሩን ደብቆ በቦታው ስሙን ብቻ የያዘ ሾርትከት አስቀምጧል፤ እኔ የገለበጥኩት ባዶውን ስም ነው። ክው አልኩ። የቢሮው ኮምፒውተር ባለሙያ ፍላሹን ቢፈትሽ፣ ቢፈትሽ ምንም አላገኘም። መዘምራኑንም ጠየቅሁ፤ የቀዳ የለም። ምን አስቸኮለኝ? ሌላ ፍላሽ መግዛት እንዴት አላሰብኩም? ዛሬም በራሴ እናደዳለሁ።

ለአባቴ መናገር አቃተኝ። ሁለት እሁድ፣ "ቴሌቪዥኑ ፍላሽ አላነብ አለ" ብዬ ዋሸሁት። መዝሙሩን ሳይሰማ ምሳውን በላ።

በሦስተኛው እሁድ ሳህን ይዤ ከኩሽና ስወጣ አባቴ ጌሙ አጠገብ ቆሟል። ጌሙ ላይ እንደተሰካ የቀረውን ፍላሽ በሁለት ጣቶቹ ያዘና ነቀለው። የነቀለው ስጸልይለት በከረምኩት ቀኝ እጁ ነው። ወደ ቴሌቪዥኑ ጀርባ ወሰደው፤ ሁለቴ ሳተ፣ በሦስተኛው ገባለት።

"አየሽ ልጄ፣ እኔው ሰካሁት" አለኝ እየሳቀ። "በይ አሁን እናትሽን ክፈቺልኝ።"